በሰዓት 88 ኪሎ ሜትር? እስቲ ልጓሙን ያዝ እናድርገው

ሰሞኑን ስለ ፈረስ ፍጥነት የተጻፈ አንድ ጽሑፍ ብዙ ሰው ሲቀባበለው ነበር። ፈረስ እንደምወድ የሚያውቁ ወዳጆቼም “አየኸው ወይ?” እያሉ ላኩልኝ። አየሁት። ሲነበብ ደስ ይላል፤ ጸሐፊው ፈረስ እንደሚወዱም ያስታውቃል። መረጃው ላይ ግን መነጋገር አለብን።

ላላነበባችሁት ባጭሩ ልንገራችሁ። ጸሐፊው እንደሚሉት ፈረስ በሰዓት 88 ኪሎ ሜትር ይጋልባል፤ ስለዚህ ከአዲስ አበባ ተነስቶ ከአንድ ሰዓት ብዙም ሳያልፍ አዳማ ይገባል። እርምጃ፣ ሶምሶማና ግልቢያ እንደ መኪና ማርሽ ናቸው፤ የእግሩ አጣጣል ያው ሆኖ ፍጥነቱ ብቻ ይጨምራል። ሽምጥ ሲጋልብ የፊት እግሮቹን ወደ ፊት፣ የኋላዎቹን ወደ ኋላ ዘርግቶ አየር ላይ ይንሳፈፋል። ሰጋርነት የሥልጠና ውጤት ብቻ ነው። ረጅም ፈረስ ምንጊዜም አጭሩን ይቀድማል። ሰው ፈረስን በሩጫ አይቀድምም። የድሮ ፈረሰኛ ጠላቱን ካየበት ቦታ ጀምሮ ሽምጥ እየጋለበ ይገባበት ነበር። በመጨረሻም ምክር አላቸው፦ ፈረሱ ከግልቢያ ሲመለስ አስራችሁ አቁሙት፣ ውሃም አታቅምሱት።

ብዙ ነው አይደል? በየተራ እንያቸው። የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

88 የምትለዋ ቁጥር ከየት እንደመጣች ይገባኛል። ኳርተር ሆርስ የሚባለው የአሜሪካ ዝርያ በሰዓት 55 ማይል ይደርሳል ተብሎ በየቦታው ይጻፋል። ወደ ኪሎ ሜትር ሲመነዘር 88 ይሆናል። ዝርያው ስሙን ያገኘው ከሩብ ማይል ውድድር ነው፤ 400 ሜትር ገደማ ማለት ነው። ቁጥሩን አምነን ብንቀበለው እንኳ በዚያች አጭር ሩጫ ውስጥ ለቅጽበት የሚነካ ጣሪያ ነው፤ የጉዞ ፍጥነት አይደለም። ጊነስ የመዘገበው ደግሞ ከዚህ ያነሰ ነው። በ2008 ፔንስልቬንያ ውስጥ ዊኒንግ ብሩ የተባለች የሁለት ዓመት ፈረስ 402 ሜትር ሮጣ በሰዓት 70.76 ኪሎ ሜትር ተመዘገበላት። ሩጫው በ20 ሰከንድ ከምናምን አለቀ።

ርቀቱን ትንሽ እንዘርጋው። በ1973 ሴክሬታሪያት የተባለው ዝነኛ ፈረስ በኒው ዮርኩ የቤልሞንት ውድድር 2,414 ሜትር በ2 ደቂቃ ከ24 ሰከንድ ጨረሰ። የተከተለውን ፈረስ በ31 ፈረስ ርዝመት ጥሎት ነው የገባው። የቤልሞንት ሪከርዱ እስካሁን አልተሰበረም። አማካይ ፍጥነቱን አስሉት፤ በሰዓት 60 ኪሎ ሜትር ነው። በዚያው ዓመት በኬንተኪ ደርቢ ያደረገው ደግሞ ለእኔ ከዚህም ይበልጣል። ሩጫው በየሩብ ማይሉ ተከፍሎ ሲለካ እያንዳንዱ ሩብ ከፊተኛው የፈጠነ ነበር። ሌሎች ፈረሶች መጨረሻው ላይ እየዛሉ ይመጣሉ፤ እሱ እየጨመረ ገባ። ይህ ሁሉ ጉድ ግን ከሁለት ደቂቃ ከምናምን አልዘለለም።

ከዚያ በላይ ሲሆንስ? የአሜሪካው ፖኒ ኤክስፕረስ ጥሩ ማሳያ ነው። በ1860 እና 1861 ከሚዙሪ እስከ ካሊፎርኒያ፣ 3,000 ኪሎ ሜትር ገደማ፣ ደብዳቤ በ10 ቀን ያደርሱ ነበር። ከ16 እስከ 24 ኪሎ ሜትር በተራራቁ ጣቢያዎች ትኩስ ፈረስ ተጭኖ ይጠብቃል። ጋላቢው ከአንዱ ወርዶ ሌላው ላይ ይወጣል። ጋላቢውም ሲደክም ይቀየራል፤ ጉዞው ግን ሌት ተቀን አይቆምም። ያም ሆኖ አማካዩ በሰዓት 13 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ትኩስ ፈረስ እየተለዋወጠ ማለት ነው እንግዲህ!

ከአዲስ አበባ አዳማ 100 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። በካሊፎርኒያ ከ1955 ጀምሮ የሚካሄደው የቴቪስ ካፕ የጽናት ውድድር 160 ኪሎ ሜትር ተራራማ መንገድ ነው፤ የሚፈቀደው ጊዜ 24 ሰዓት ነው። በየጣቢያው የእንስሳት ሐኪም ይቆማል። የፈረሱ የልብ ምት በቶሎ ካልወረደ ወይም ካነከሰ ከውድድሩ ይወጣል። በባሕረ ሰላጤው አገሮች ጠፍጣፋ አሸዋ ላይ በሚደረጉት ውድድሮች አማካዩ በሰዓት ከ25 ኪሎ ሜትር የሚያልፍበት ጊዜ አለ፤ በፈረሶቹ ላይ በሚደርሰው ጉዳት የተነሳ ግን ብዙ ክርክር አስነስቷል። ስለዚህ ለረጅም መንገድ የሠለጠነ ፈረስ አዳማ ለመድረስ ግማሽ ቀን ቢፈጅበት ምንም ነውር የለበትም። አንድ የሰፈር ፈረስ አስፋልት ላይ 100 ኪሎ ሜትር ልጋልብ የሚል ሰው ካለ ደግሞ ከወዲሁ ይያዝልኝ።

ይህን ስል ፈረስን ለማሳነስ አይደለም። ያረፈ ፈረስ ልቡ በደቂቃ 30 እና 40 ጊዜ ይመታል፤ ሽምጥ ሲጋልብ ከ200 ያልፋል። ጣፊያው ያከማቸውን ቀይ የደም ሴል ወደ ደም ሥሩ ይለቅና ደሙ ብዙ ተጨማሪ ኦክስጅን ይሸከማል። ድንቅ ፍጥረት ነው። ግን ፈረስ በአፉ አይተነፍስም፤ ያለው አፍንጫው ብቻ ነው። ሲጋልብ ደግሞ ትንፋሹና እግሩ ይተሳሰራሉ፦ አንድ ዙር ግልቢያ፣ አንድ ትንፋሽ። በዚያ ላይ በደቂቃ ከ120 ጊዜ በላይ ይተነፍሳል። “ትንሽ ልረፍና በደንብ ልተንፍስ” ማለት የሚችለው ግልቢያውን ከተወ ብቻ ነው። ጸሐፊው አዳማ ድረስ የሚያስጋልቡት ይህንን ፈረስ ነው።

አሁን ወደ ማርሹ። እዚህ ላይ ረዘም አድርጌ ልቆይ፤ የጽሑፉ ትልቁ ስህተት ያለው እዚህ ነውና።

ጋሪ ባለበት ከተማ የምትኖሩ መንገድ ዳር ቆማችሁ አድምጡ። ፈረሱ በእርምጃ ሲሄድ አራት ምት ትሰማላችሁ። የግራ የኋላ፣ የግራ የፊት፣ የቀኝ የኋላ፣ የቀኝ የፊት፤ አራቱም እኩል ተራርቀው። ሁልጊዜ ቢያንስ ሁለት እግሩ መሬት ላይ ነው። ፍጥነቱ በሰዓት 6 ወይም 7 ኪሎ ሜትር ቢሆን ነው። ጭንቅላቱን ደግሞ እዩት፤ ከእርምጃው ጋር ወደ ታች ወደ ላይ ይላል።

ባለጋሪው ጅራፉን ሲያጮህ ፈረሱ ሶምሶማ ይጀምራል። ወዲያው ድምፁ ይለወጣል። አራት የነበረው ምት ሁለት ይሆናል፦ ቀጭ ቀጭ፣ ቀጭ ቀጭ። የግራ የፊት እግሩና የቀኝ የኋላ እግሩ እኩል ያርፋሉ፤ ቀጥለው ሁለቱ ሌሎቹ። በመሃሉ አራቱም እግሮች መሬት የሚለቁባት ቅጽበት አለች። ኮርቻ ላይ ያለውን ሰው ወደ ላይ የምታነጥረው እሷ ናት። በሰዓት ከ13 እስከ 15 ኪሎ ሜትር ይሄዳል።

ጭንቅላቱ ግን አሁን ረጋ ብሏል። ሶምሶማ ላይ ሆኖ ጭንቅላቱን የሚነቀንቅ ፈረስ ካያችሁ እግሩን አሞታል ማለት ነው። የታመመው የፊት እግር መሬት ሲነካ አንገቱን ወደ ላይ ይሰብቃል፤ ጤነኛው ሲያርፍ ዝቅ ያደርጋል። የእንስሳት ሐኪም የሚያነክስ ፈረስ ሲመጣለት “እስቲ በሶምሶማ አስሩጡልኝ” የሚለው ለዚህ ነው። በእርምጃ ጊዜ ጤነኛውም ጭንቅላቱን ስለሚያወዛውዝ ሕመሙ ይሸፈናል። ሰው ሞልቶበት አንገቱን እየነቀነቀ የሚሮጥ የጋሪ ፈረስ ስንት ጊዜ አይተናል! ባለቤቱን ስትጠይቁት “ጸባዩ ነው” ይላል። ጸባዩ አይደለም።

ደንገላሳ ሲመጣ ምቱ ሦስት ይሆናል። መጀመሪያ አንድ የኋላ እግር ያርፋል። ቀጥሎ ሌላው የኋላ እግርና በማዶ በኩል ያለው የፊት እግር አብረው። በመጨረሻ የቀረው የፊት እግር። ከዚያ ትንሽ ዝም ይልና እንደገና ይጀምራል። ፍጥነቱ በሰዓት ከ16 እስከ 27 ኪሎ ሜትር ነው። ሽምጥ ሲሆን ያ አብሮ ያርፍ የነበረው ጥንድ ይነጣጠልና ምቱ እንደገና አራት ይሆናል፤ ግን ከእርምጃው አራት ጋር አይገናኝም። ተራ ፈረስ በዚህ አካሄድ በሰዓት ከ40 እስከ 48 ኪሎ ሜትር ይደርሳል።

እንግዲህ “የእግሩ አጣጣል ያው ነው” የተባለው የቱ ላይ ነው? አራት ምት፣ ሁለት፣ ሦስት፣ እንደገና አራት። የሚቀየረው የእግሮቹ ተራ ራሱ ነው።

ማርሽ ነው ካልንም ሌላ ጣጣ አለ። አሜሪካና አውሮፓ ውስጥ ባለ ሁለት ጎማ ቀላል ጋሪ እየጎተቱ የሚሮጡ ፈረሶች ውድድር አለ። መጋለብ ክልክል ነው። አንዱ ዓይነት ውድድር በሶምሶማ ነው፤ ሌላው የአንድ ጎን እግሮች አብረው በሚነሱበት አካሄድ ነው። ፈረሱ ስቶ ግልቢያ ከጀመረ ነጂው ልጓም ስቦ ወደ አካሄዱ መመለስ አለበት። በ2022 ኒው ጀርሲ ውስጥ በሜዶውላንድስ ቡልዶግ ሀኖቨር የተባለ ፈረስ አንድ ማይል በ1 ደቂቃ ከ45.8 ሰከንድ ጨረሰ። በሰዓት 55 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፤ አንድ ጊዜ እንኳ ሳይጋልብ፣ ሰው የተቀመጠበት ጋሪ እየጎተተ። ብዙ ፈረስ ሽምጥ ጋልቦ አይደርስበትም። በሁለተኛ ማርሽ እየሄደ አምስተኛ ያስገባውን የሚቀድም መኪና እስካሁን አላየሁም።

ታዲያ ፈረስ ለምን አካሄዱን ይቀይራል? ይህን በቁም ነገር የለኩ ሰዎች አሉ። ዶናልድ ሆይትና ሪቻርድ ቴይለር በ1981 ኔቸር መጽሔት ላይ ባወጡት ጥናት ትንንሽ ፈረሶችን ትሬድሚል ላይ አስሮጠው የሚጠቀሙትን ኦክስጅን ለኩ። እያንዳንዱ አካሄድ በጣም ትንሽ ጉልበት የሚፈጅበት የራሱ ፍጥነት አለው። ፈረሶቹ ሜዳ ላይ እንደፈለጉ ሲለቀቁ የመረጡት እነዚያኑ ፍጥነቶች ነበር። በሶምሶማና በግልቢያ መካከል ያለውን አዋኪ ፍጥነት ይሸሹታል። ከ10 ዓመት በኋላ ደግሞ ክሌር ፋርሊ ከቴይለር ጋር ሆና ሌላ ነገር አሳየች። ፈረሶቹ ከሶምሶማ ወደ ግልቢያ የሚቀይሩት እግራቸው ላይ የሚያርፈው ጫና ከአንድ ልክ ሲያልፍ ነው። ጭነት ሲጨመርባቸው ቀድመው ቀየሩ። ጉልበት መቆጠብ አለ፤ አጥንትና ጅማትን ማዳንም አለ። ሹፌር ማርሽ የሚቀይረው ሞተሩን ሰምቶ ነው፤ እዚህ ግን የሚቀይረው ፈረሱ ራሱ ነው፣ ምክንያቱንም ከጋላቢው በላይ ያውቀዋል።

አየር ላይ መንሳፈፉ ደግሞ ከ140 ዓመት በፊት የተዘጋ ጉዳይ ነው። የፈረንሳዩ ሰዓሊ ጄሪኮ በ1821 የኤፕሰምን ሩጫ ሲሥል ፈረሶቹን ልክ ጸሐፊው እንዳሉት ዘርግቷቸዋል። የዘመኑ ሰዓሊ ሁሉ እንዲያ ነበር የሚሥለው፤ ዓይን አይደርስበትማ። በ1878 የቀድሞው የካሊፎርኒያ ገዢ ሊላንድ ስታንፎርድ ፎቶግራፍ አንሺውን ኤድዋርድ ማይብሪጅን ፓሎ አልቶ ላይ አሠራው። ካሜራዎች በተርታ ተደረደሩ፤ ፈረሷ ስታልፍ ክሩን እየበጠሰች ራሷን ፎቶ ታነሳለች። ውጤቱ ሁለት ነገር አሳየ። አዎ፣ አራቱም እግሮች መሬት የሚለቁበት ጊዜ አለ። ግን ያ የሚሆነው እግሮቹ ተዘርግተው ሳይሆን ከሆዱ ሥር ተሰብስበው ሳለ ነው። በተዘረጉበት ቅጽበት አንዱ እግር መሬት ላይ ነው። (ስታንፎርድ 25,000 ዶላር ተወራርዶ ነበር የሚባለው ወሬ ማስረጃ የለውም። ለወሬ ግን ይጥማል።) ያላመነ ሰው ጥር 23 ኢንጅባራ ሄዶ የአገው ፈረሰኞች ሲጋልቡ በስልኩ ስሎው ሞሽን ይቅረጽ።

ስለ ሰጋርነት ግማሽ እውነት አላቸው። ሥልጠና ይረዳል፤ የጋሪ ሯጮቹ እንኳ አካሄዳቸውን እንዳይስቱ እግራቸው ላይ ማሰሪያ ይደረግላቸዋል። ግን ብዙው ነገር በደም የሚመጣ ነው። በ2012 የስዊድኑ የኡፕሳላ ዩኒቨርሲቲ የሊፍ አንደርሰን ቡድን ዲኤምአርቲ3 በሚባል ዘረመል ላይ አንዲት የፊደል ለውጥ አገኘ። ዘረመሉ የሚሠራው ሕብለ ሰረሰር ውስጥ ነው፤ እግሮቹ እንዴት እንደሚቀናጁ በሚወስነው ነርቭ ላይ። የአይስላንድ ፈረሶች ውስጥ አምስት አካሄድ ያላቸው ከሞላ ጎደል ሁሉም ለውጡን ከእናትም ከአባትም ወርሰውታል። በኋላ የጥንት አጥንት ሲመረመር ለውጡ እንግሊዝ፣ ዮርክ ውስጥ በዘጠነኛው መቶ ዘመን በነበሩ ፈረሶች ላይ ተገኝቷል። የአይስላንድ ፈረሶች ቶልት በሚባለው አካሄዳቸው ሁልጊዜ አንድ እግር መሬት ላይ ስለሚያስቀምጡ ጋላቢው አይነጥርም። አያቶቻችን ለሰጋር በቅሎ ያን ያህል ዋጋ የሚከፍሉት ወገባቸው ስላዘዛቸው ነው።

ረጅሙ ይቀድማል ላሉት አጭር መልስ አለኝ። የአይስላንድ ፈረስ ትከሻው ላይ 140 ሴንቲ ሜትር ገደማ ነው፤ በፈጣኑ የጎን አካሄዱ በሰዓት 48 ኪሎ ሜትር አካባቢ ይደርሳል። ትልቁ የእንግሊዝ ሻየር ፈረስ ከእሱ በብዙ ይረዝማል፤ ሥራው ግን የቢራ ጋሪ መጎተት ነበር። በረጅም ርቀት ውድድር የሚነግሠውም መካከለኛ ቁመት ያለው የዐረብ ፈረስ ነው።

ሰውና ፈረስ? በአጭር ርቀት ክርክር የለም። ዩሴይን ቦልት እንኳ በ2009 በርሊን ላይ ጣሪያው ላይ ሲደርስ በሰዓት 44.7 ኪሎ ሜትር ነበር፤ ለጥቂት እርምጃ። ርቀቱ ሲረዝም ግን ነገሩ ይቀያየራል። ኃይሌ ገብረ ሥላሴ በ2008 በርሊን ማራቶንን በ2:03:59 ሲጨርስ አማካዩ በሰዓት 20 ኪሎ ሜትር አልፏል። ያ የፈረስ ደንገላሳ ነው፤ ለሁለት ሰዓት ያለማቋረጥ! ዌልስ ውስጥ ላንርተድ ዌልስ በምትባል ትንሽ ከተማ ከ1980 ጀምሮ ሰውና ፈረስ አብረው የሚሮጡበት 35 ኪሎ ሜትር ገደማ ውድድር አለ። መጠጥ ቤት ውስጥ በተነሳ ክርክር ነው የተጀመረው። ለዓመታት ፈረስ ሲያሸንፍ ኖሮ በ2004 ሂው ሎብ የተባለ ሯጭ ቀደመና የተጠራቀመውን 25,000 ፓውንድ ወሰደ። በ2007 ሰው ደገመው። ሙቀት ሲበረታ በተለይ ሰው ይጠቀማል።

የጦር ፈረሰኛውን በተመለከተ “ፈረስ ያደርሳል እንጂ አይዋጋም” ያሉት አባቶች ጸሐፊውን ቢሰሙ ምን ይሉ ነበር? ትንፋሹ ያለቀ ፈረስ አያደርስምም። የአውሮፓ ጦር ደንብ በእርምጃ ተጀምሮ፣ በሶምሶማ ተቀጥሎ፣ ሽምጡ ለመጨረሻው ጥቂት ርቀት እንዲቀመጥ ያዛል። ይህን የዘነጉ በዋተርሉ በ1815 ዋጋ ከፍለዋል። የእንግሊዝ ከባድ ፈረሰኞች የፈረንሳይን እግረኛ ከሰበሩ በኋላ ልጓም ሳይስቡ ጋለቡ። ፈረሶቻቸው ደከሙ። ጦር የያዙ የፈረንሳይ ፈረሰኞች በትኩስ ፈረስ ደርሰው ለቀሟቸው። የእኛም የጉግስ ፈረሰኛ ፈረሱን በእርምጃ አሟሙቆ ነው ሜዳው ላይ የሚለቀው፤ ከዚያ ልጓም ስቦ በእርምጃ ይመለሳል።

የመጨረሻው ምክር ግን ከቁጥሩ ስህተት ሁሉ ይብሳል፤ ፈረስ ሊጎዳ ይችላልና። ከግልቢያ የተመለሰ ፈረስ ወዲያው አይታሰርም። 10 ወይም 15 ደቂቃ በእርምጃ ይዙር፤ ጡንቻው ውስጥ የተጠራቀመው ሙቀት የሚወጣውና ትንፋሹ የሚመለሰው በዚህ ነው። ኮርቻውን አላሉለት። ላብ ብዙ ውሃና ጨው ወስዶበታል፤ ስለዚህ ውሃ አትከልክሉት፣ እያረፈ ይጠጣ። በላዩ ላይ ቀዝቃዛ ውሃ ማፍሰስ ጡንቻውን ያኮማትረዋል የሚለው የድሮ ፍርሃትም ለአትላንታ 1996 ኦሎምፒክ በተደረጉ ጥናቶች ውድቅ ሆኗል። ቀኑ ከሞቀ አንገቱንም፣ ጎኑንም፣ የኋላ ታፋውንም ደጋግማችሁ አርሱት፣ እያዞራችሁም ቀጥሉ። ደረቱ ላይ እጃችሁን ስታሳርፉ ሙቀቱ ከቀነሰና አፍንጫው መነፋፋቱን ከተወ በኋላ ማሰር ትችላላችሁ።